ንጉሡን ያስተማረችው ሴት

ሊድስ ውስጥ በምሠራበት የአረጋውያን መጦሪያ እሑድ ከሰዓት በኋላ የድሮ ፊልም ይታያል። ባለፈው እሑድ ተራው በ1956 እ.ኤ.አ. የተሠራው፣ ዩል ብሪነር የሲያምን (የዛሬዋን ታይላንድ) ንጉሥ ሆኖ የሚጫወትበት «ዘ ኪንግ ኤንድ አይ» ነበር። አንዲት እንግሊዛዊት መምህርት ባንኮክ ቤተ መንግሥት ገብታ የንጉሡን ልጆች ታስተምራለች፤ ውላ አድራ ንጉሡንም ሰው ታደርጋቸዋለች። ዘፈኖቹን ሁሉ በቃላቸው የሚያውቁ አንዲት ጡረተኛ መምህርት ፊልሙ ሲያልቅ ወደ እኔ ዞረው፣ «እናንተ አገርስ እንዲህ ያለች መምህርት ሄዳ ነበር?» አሉኝ። ሻይ ከእጄ እየተቀበሉ ነው የጠየቁኝ፤ ክፋት የለባቸውም። ያንገበገበኝም እሱ ነው፤ ለክፉ ሰው መልስ አላጣም ነበር።

እውነተኛው ንጉሥ ሞንግኩት እኮ ዙፋን ላይ የወጡት 27 ዓመት በምንኩስና ኖረው ነው። ላቲንና እንግሊዝኛ ተምረዋል። በነሐሴ 1868 እ.ኤ.አ. የታየውን የፀሐይ ግርዶሽ ራሳቸው አስልተው፣ የፈረንሳይ ጠበብትና የእንግሊዝ ሹማምንት ባሉበት ተመልክተውታል። የሞቱትም ከዚያ ጉዞ ይዘውት በተመለሱት ወባ ነው። በፊልሙ መምህርቷ አጠገባቸው ሆና ታሰናብታቸዋለች፤ እውነተኛዋ አና ሊዮኖወንስ ግን ከዓመት በፊት አገሩን ለቅቃ ነበር። (ከዌልስ ነኝ ትበል እንጂ የተወለደችውም ሕንድ ነው።) ታይላንዶች ፊልሙን አገራቸው እንዳይታይ ከለከሉት። ደግ አደረጉ!

ያው 1868 በእኛ አቆጣጠር 1860 ነው። እኔ የወሎ፣ የተንታ ልጅ ነኝ፤ ሚያዝያ 6 ቀን መቅደላ ላይ የሆነውን ሲነገረኝ ነው ያደግሁት። ልዑል ዓለማየሁ ያኔ 7 ዓመት ሊሞላው ጥቂት ቀን የቀረው ልጅ ነበር። መምህር አልጎደለውም፤ የአባቱን ታሪክ የጻፉት አለቃ ዘነብ ያስተምሩት ነበር። እንግሊዞች ወስደው ለራሳቸው መምህራን ሰጡት፤ ራግቢ የሚባል ትምህርት ቤት አስገቡት፣ ሳንድኸርስት የጦር ትምህርት ቤት ላኩት፣ በመጨረሻም እዚሁ ሊድስ አንድ አስተማሪ ቤት አስቀመጡት። በ1879 እ.ኤ.አ.፣ በ18 ዓመቱ፣ እዚሁ ሞተ። የተቀበረው ዊንድዘር ነው። አፅሙ ይመለስ ሲባል የእንግሊዝ ቤተ መንግሥት በ2023 እ.ኤ.አ. የሰጠው መልስ የሌሎችን ሙታን ዕረፍት ይረብሻል የሚል ነው። የሰባት ዓመት ልጅ ከአገሩ ሲነቀል ያልታሰበ ዕረፍት!

ይህን ሁሉ ለሴትዮዋ አጫወትኋቸው። «ምስኪን ልጅ» አሉና ብስኩት ጨምርልኝ አሉኝ።

እሳቸውን ምን አደርጋለሁ? እኔን ያቃጠለኝ የእኛው ሰው ነው። ወሎ መምህር አጥቶ አያውቅም። መምህር አካለ ወልድ ያስተማሩት ቦሩ ሜዳ ነው፤ ዳናና ጀማ ንጉሥ የሚባሉት የእስልምና መማሪያዎች ደግሞ ደረሳው ከየአገሩ እየጎረፈ የቀራባቸው ናቸው። ፈረንጅም ቢሆን ለደሴ ብርቅ አይደለም፤ ከ1962 እ.ኤ.አ. ወዲህ ፒስ ኮር የሚባሉ የአሜሪካ በጎ ፈቃደኞች እየመጡ አስተምረው ሄደዋል። የወይዘሮ ስኂን ትምህርት ቤት ተማሪ ከአበሻው መምህር ቀጥሎ የፈረንጁን ሰዓት ይማራል፣ ያልገባውን ይጠይቃል፣ ፈተናውን ይፈተናል፤ በቃ፣ ይኸው ነበር።

ዛሬስ? ደሴ ያለችው እኅቴ ልጇን ከነበረበት አውጥታ አንድ የግል ትምህርት ቤት አስገባችው። ክፍያውን የምልከው እኔ ነኝና ለምን እንደዚህ ናረ ብዬ ጠየቅኋት። «ፈረንጅ እኮ ነው የሚያስተምረው ጋሼ!» አለችኝ። ምን ያስተምራል? አታውቅም። የት ተምሮ መጣ? እሱንም አታውቅም። ልጁን ስጠይቀው ሰውየው ክፍል ገብቶ ዘፈን ያዘፍናቸዋል፣ ፎቶ ያነሣቸዋል። ሒሳብ የሚያስተምሯቸው መምህር ግን የእኛው ሰው ናቸው፤ ልጁ ስማቸውን ሲጠራ ድምፁ ይለወጣል፣ የሚፈራቸውና የሚወዳቸው እሳቸውን ነው። የደመወዛቸውን ነገር ባነሣው እኅቴ ራሷ ታፍራለች።

እኔ እዚህ ሌሊት ተረኛ ሆኜ፣ የሰው አልጋ አንጥፌ፣ ሽማግሌ አጥቤ ያገኘሁትን ገንዘብ ለፈረንጅ ዘፈን እከፍላለሁ ማለት ነው። ዘፈኑንስ እሑድ እሑድ በነፃ እሰማው የለም እንዴ?

ፈረንጁ ወር ሳይሞላው ወደ አገሩ ተመለሰ። ክፍያው ግን እንደ ናረ ቀረ። ለምን አይቀንሱም ብላት እኅቴ፣ «አብሽር ጋሼ፣ ሌላ እናመጣለን ብለዋል» አለችኝ፤ የሁለተኛው መንፈቅ ክፍያ መድረሱንም በዚያው ስልክ ነገረችኝ።