ሹዓይብ መንሱር፦ ሲኒማን ያዳነ ወይስ ሰባኪ?

ደጋፊ፦ በፓኪስታን የላሆር ፊልም ስቱዲዮዎች ጭር ብለው ነበር። በፊልሞቹ የቀረው መጥረቢያ ተሸክሞ የሚያጓራ ጀብደኛ ብቻ ነው። እ.ኤ.አ. በ2007 ዳይሬክተሩ ሹዓይብ መንሱር «ኹዳ ኬ ሊዬ» የተባለውን ፊልም ይዞ መጣ። ታሪኩ የሁለት ሙዚቀኛ ወንድማማቾች ነው። አንዱ በሰባኪ ቃል ተማርኮ ሙዚቃውን ይተዋል፤ ሌላው አሜሪካ ሄዶ በሽብር ተጠርጥሮ ይሰቃያል። ፊልሙ ካይሮ ላይ ተሸለመ፤ ሕንድ ሲኒማ ቤቶችም ገባ። ከመንሱር በፊት ፓኪስታን ሲኒማ አልነበራትም።

ተቃዋሚ፦ አልነበራትም? በ1977 የወጣው የነዝሩል ኢስላም «አይና» ካራቺ ውስጥ ለዓመታት ከሲኒማ ቤት አልወረደም። የሰይድ ኑር «ቹሪያን»ስ በ1998? መንሱር የቴሌቪዥን ሰው ነው። ፊልሙ ማብቂያ ላይ ሕንዳዊውን ተዋናይ ናሲሩዲን ሻህን ፍርድ ቤት አቁሞ ስለ ሙዚቃና ስለ ጢም ያስተምረናል። ይሄ ስብከት እንጂ ሲኒማ አይደለም።

ደጋፊ፦ እኔ ስለዚያ ዘመን ነው ያወራሁት። እርስዎ አንዲት ቃል ይዘው ያኝካሉ! ወንድ ልጅ ካልተወለደልኝ ብሎ ሴት ልጆቹን የሚያሰቃይን አባት በ2011 «ቦል» ላይ ማን ደፍሮ አሳየ?

ተቃዋሚ፦ ድፍረት አሉ? «አልፋ ብራቮ ቻርሊ» የተባለውን ተከታታይ ድራማ ከጦሩ የሕዝብ ግንኙነት ክፍል ጋር የሠራው ማን ነው? «ኹዳ ኬ ሊዬ»ም የወጣው የዚያን ጊዜው የአገሪቱ መሪ ጄኔራል ሙሻረፍ ስለ ለዘብተኛ እስልምና በሚሰብኩበት ሰሞን ነው። ነፋሱ ከኋላው ነበር። «አልነበራትም» ያሉትንም አልረሳሁም።

ደጋፊ፦ የመንግሥት ሰው ከሆነ በ2017 «ቨርና»ን ሳንሱር ለምን አገደው? የአስገድዶ መድፈር ታሪክ ነው፤ ደፋሪው ደግሞ የባለሥልጣን ልጅ።

ተቃዋሚ፦ ታገደ፣ ወዲያው ተፈቀደ። የታገደ ሁሉ ጥሩ ፊልም ነው እንዴ?

ደጋፊ፦ አሃ! ስለ ድፍረት ስናወራ አልነበር? አሁን ደግሞ ወደ ጥራት ዞርን። ፋዋድ ኻንና ማሂራ ኻንን መጀመሪያ ለፊልም ያበቃቸው ማን ነው?

ተቃዋሚ፦ ተዋናይ መምረጥ ያውቅበታል። አልነበራትም ግን...

ደጋፊ፦ እሺ፣ ነበራት! ሲኒማ ነበራት! ደስ አለዎት? አሁን እውነቱን ይንገሩኝ፤ «ቦል» መጨረሻ ላይ፣ ልጅቷ ከመሰቀሏ በፊት ስትናገር አላለቀሱም?

ተቃዋሚ፦ አልቅሻለሁ። እሱ ግን የተዋናይቷ የሁማይማ ማሊክ ሥራ ነው።