ገመዱን ወደ ኋላ መልሱት

ሻርጃ ውስጥ አርብ ማለዳ ከወጣችሁ ክፍት ቦታው ሁሉ የክሪኬት ሜዳ ሆኖ ይጠብቃችኋል። ፓኪስታኖቹ፣ ሕንዶቹና ባንግላዴሾቹ ፀሐይ ሳይበረታ ጨዋታቸውን ይጀምራሉ። ኳሷ የቴኒስ ኳስ ናት፤ የኤሌክትሪክ ፕላስተር ዙሪያዋን ተጠምጥሞባታል። ክሪኬትን የወደድኩት እዚያ አሸዋ ዳር ቆሜ ነው። አንድ ፓኪስታናዊ የሥራ ባልደረባዬ ሐበሻ መሆኔን ሲሰማ ቀድሞ የጠየቀኝ "ናይሮቢ ለእናንተ ቅርብ ናት አይደል?" ብሎ ነበር። ከዚያ ስለ አገሩ ተጫዋች ስለ አፍሪዲ ነገረኝ።

ታሪኩ እንዲህ ነው። እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ጥቅምት 4 ቀን 1996 ፓኪስታን ናይሮቢ ላይ ከስሪላንካ ጋር የአንድ ቀን ጨዋታ ትጫወታለች። ስሪላንካ በዚያው ዓመት የዓለም ዋንጫ ያነሳች አገር ናት። ሻሂድ አፍሪዲ የመጣው በተጎዳ ወርዋሪ ምትክ ነው። በወረቀት 16 ዓመቱ ነው፤ እሱ ራሱ ከዓመታት በኋላ ዕድሜዬ ከዚያ ይበልጥ ነበር ብሏል። ለብሔራዊ ቡድኑ ዱላ ይዞ ሲገባ ያ የመጀመሪያው ነው። ዱላውም የሱ አልነበረም፤ የሕንዱ ኮከብ የሳቺን ቴንዱልካር ነው፣ የቡድን ጓደኛው ዋቃር ዩኒስ ነው የሰጠው።

በ37 ኳስ 100 ነጥብ ሞላ። ክሪኬት ላይ ኳሱ መሬት ሳይነካ ድንበር ካለፈ 6 ነጥብ ነው፣ ሲክስ ይባላል፤ ልጁ ያን ቀን 11 ጊዜ እንዲህ አሳልፏል። ከተቀጠቀጡት ወርዋሪዎች አንዱ የስሪላንካው ሳናት ጃያሱሪያ ነበር። በአንድ ቀን ጨዋታ በጥቂት ኳስ 100 የመሙላት የቀድሞው ክብረ ወሰን፣ 48 ኳስ፣ የማን ነበር? የራሱ የጃያሱሪያ። ያን ቀን ከእጁ በወጡ ኳሶች 94 ነጥብ ተቆጠረበት። ክብረ ወሰኑ እጁ ላይ ነው የተሰበረው ማለት ነው። ይህን ባሰብኩ ቁጥር ሰውየው ያሳዝነኛል።

ያ ክብረ ወሰን 17 ዓመት ቆየ። በ2014 የመጀመሪያ ቀን የኒውዚላንዱ ኮሪ አንደርሰን በ36 ኳስ አሻሻለው። ዓመት አለፍ እንዳለ ደግሞ ደቡብ አፍሪካዊው ኤቢ ዴቪሊየርስ ጆሃንስበርግ ላይ የካሪቢያን አገሮችን ቡድን ዌስት ኢንዲስን አገኘ። የገባው ጨዋታው ሊያልቅ 12 ኦቨር እንኳ ሳይቀረው ነው፤ አንድ ኦቨር 6 ኳስ ነው። በ31 ኳስ 100 ደረሰ፤ ሲወጣ በ44 ኳስ 149 ነበረው። ተንበርክኮ ፈጣኑን ኳስ በትከሻው ላይ ወደ ኋላ ሲሰደው ያየ ሰው አይረሳውም። እኔ ቪዲዮውን ስንቴ እንዳየሁት ቁጥሩ ጠፍቶብኛል።

እንግዲህ ሐሳቤን ልናገር። ዴቪሊየርስን ላሳንስ አይደለም። ግን በዚያን ጊዜ የነበረው ሕግ ወርዋሪውን እጁን አስሮ ነበር። ሜዳው ላይ ከተሰመረው ውስጠኛ ክብ ውጭ ከ4 ተጫዋች በላይ ማቆም አይቻልም ነበር። ከሁለቱም ጫፍ የየራሱ አዲስ ኳስ ይወረወር ስለነበር ኳሱ ቶሎ አያረጅም ነበር፤ ኳስ ካላረጀ ደግሞ ወርዋሪው በመጨረሻዎቹ ኦቨሮች የሚያጥፍበት ዘዴ ያጣል። ዱላው ወፍሯል። ድንበሩን የሚያሳየው ገመድም ወደ ውስጥ ገብቷል። የናይሮቢው ሜዳም ጠባብ እንደነበር አልክድም።

ማስረጃ ካላችሁኝ ቴስት የሚባለውን የአምስት ቀን ጨዋታ እዩት። እዚያ ካፒቴኑ ከፈለገ አብዛኛውን ሰው ድንበር ላይ መደርደር ይችላል። የዌስት ኢንዲሱ ቪቭ ሪቻርድስ በ1986 አንቲጓ ላይ፣ ተወልዶ ባደገበት ደሴት፣ ሄልሜት ሳያደርግ እንግሊዝን በ56 ኳስ 100 አስቆጠረባት። ያን ያሻሻለው የኒውዚላንዱ ብሬንደን ማከለም ነው፤ በ2016፣ በ54 ኳስ። 30 ዓመት ሙሉ የተቀነሰው ሁለት ኳስ ብቻ! በአንድ ቀኑ ጨዋታ ግን በአንድ ዓመት ገደማ ከ37 ወደ 31 ወረደ። ሰዎቹ በድንገት ጎበዝ ሆነው ነው እንዴ? እኛ በማራቶን "ሯጩ ነው ወይስ ጫማው?" እያልን የምንከራከረውን ዓይነት ጥያቄ ነው።

ደስ የሚለው የጨዋታው ኃላፊዎችም ነቅተዋል። በ2015 አጋማሽ በመጨረሻዎቹ 10 ኦቨሮች አምስተኛ ሰው ወደ ውጭ እንዲወጣ ተፈቀደ። በ2017 የዱላው ጠርዝ ከ40 ሚሊ ሜትር እንዳይበልጥ ተወሰነ። በ2025 ደግሞ ከ34ኛው ኦቨር በኋላ አንዱ ኳስ ብቻ እንዲቀጥል ተደረገ። ሦስቱም ትክክል ናቸው። የቀረው ገመዱ ነው። ሜዳው ሰፊ ሆኖ ሳለ ገመዱን ወደ ውስጥ መሳብ ለተመልካች ሲክስ ለማብዛት ካልሆነ ምን ይጠቅማል? ይመለስ። የዚያን ጊዜ በ35 ኳስ 100 የሚያስቆጥር ሰው ከመጣ ቆሜ አጨበጭብለታለሁ።

ባለፈው አርብ የባልደረባዬ ቡድን ድንበር ያደረጋቸውን ድንጋዮች አንስቶ 20 እርምጃ ያህል ወደ ኋላ ወሰዳቸው። ሲክስ በዝቶ ጨዋታው ሰልችቷቸው ነበር። አንድ ቀጫጫ ልጅ ወረወረ፤ መቺው ከፍ አድርጎ መታት። ኳሷ ወጣች፣ ወጣች፣ ድንጋዮቹ ጋ ሳትደርስ ሰው እጅ ላይ ገባች። ቀጫጫው ልጅ ጫማው ወልቆ አሸዋው ላይ በካልሲ ሲሮጥ ነበር።