ማስተካከያ፦ ኒኖ ሮታ ኦስካር ያገኘው በየትኛው ፊልም ነው?

ባለፈው ጽሑፌ፣ ጣሊያናዊው የፊልም ሙዚቃ ደራሲ ኒኖ ሮታ ኦስካር የወሰደው በመጀመሪያው «ዘ ጎድፋዘር» ነው ብዬ ነበር። ተሳስቻለሁ፤ ይቅርታ። ለዚያ ፊልም መታጨቱስ ታጭቶ ነበር። በኋላ ግን እጩነቱ ተሰረዘ። ምክንያቱም ዝነኛዋ የፍቅር ዜማ አዲስ አልነበረችም። ሮታ ራሱ እ.ኤ.አ. በ1958 ለወጣው «ፎርቱኔላ» ለተባለ የጣሊያን ፊልም ሠርቷት ነበር። እዚያ ፈጠን ብላ፣ ለቀልድ በሚሆን መልክ ነው የምትሰማው። ያቺው ዜማ መሆኗን ለማመን ይከብዳል!

ሽልማቱን ያገኘው በ1975፣ በሁለተኛው ክፍል ነው፤ ከሌላው የፊልሙ ሙዚቃ ደራሲ ከካርሚን ኮፖላ ጋር። የሚገርመው፣ ያቺ ዜማ እዚያም ውስጥ አለች።

ደግሞ «የሮም ልጅ» ብዬዋለሁ። የተወለደው ሚላን ነው፣ በ1911። ሮም ያረፈባት ከተማ ናት።