እርማት፦ «ፈርናንዶ ፖ ጁኒየር» የልደት ስም አይደለም

«ፊሊፒናዊው ተዋናይ የአባቱን ስም ይዞ ተወለደ፣ በኋላም ፕሬዚዳንት ሆነ» የተባለው ሁለቱም ልክ አይደለም። በ1939 ሲወለድ የወጣለት ስም ሮናልድ አለን ኬሊ ፖ ነው። በልደቱ ፈርናንዶ የተባለው ወንድሙ አንዲ ነበር። አባታቸው ስመ ጥር ተዋናይ ነበሩ፤ በ1951 ሲሞቱ ስማቸው ገና ተመልካች ይስብ ስለነበር ሮናልድ ለፊልም ወሰደው።

ስህተቱ ጎልቶ የሚወጣው የሥራዎቹን ዝርዝር ስታዘጋጁ ነው። በተዋናይነት ስሙ ብቻ ከፈለጋችሁ ዳይሬክት ያደረጋቸው ያመልጧችኋል፤ እነሱን የሚፈርመው «ሮንዋልዶ ሬየስ» ብሎ ነው፣ ሬየስ ከአያቱ ወገን የመጣ ስም ነው። «ዲላኖር» የሚል ካያችሁም ሌላ ሰው አይምሰላችሁ፤ በላቲን ፊደል ሮናልድ ከኋላ ወደ ፊት ሲነበብ ነው። ስለዚህ ሦስቱንም ፈልጉ።

ፕሬዚዳንትነቱ? በ2004 ተወዳድሮ በግሎሪያ ማካፓጋል አሮዮ ተሸነፈ፣ በዚያው ዓመት ታኅሣሥ ውስጥ አረፈ። ከ1998 እስከ 2001 አገር የመራው ተዋናይ ወዳጁ ጆሴፍ ኢስትራዳ ነው፤ የሚገርመው እሱም የስክሪን ስም ነው፣ የቤተሰቡ ስም ኤኸርሲቶ ነው።