ቀለሙን አየች፣ ሰውየውን ግን አልጠየቀችም

«ምናለ ቁጭ ብለው ቢነጋገሩ!» ልቦለድ ሳነብ ስንቴ እንዲህ ብዬ መጽሐፉን እንዳጠፍኩት! ሁለት ሰዎች ይዋደዳሉ። አንዷ ከበር ኋላ ግማሽ ወሬ ትሰማለች። በቃ፣ ሁለት መቶ ገጽ ኩርፊያ።

አሁን አሁን ደግሞ ኦራ የምታይ ጀግና በዝታለች። በሰው ዙሪያ የሚያበራውን ቀለም አይታ ስሜቱን ታነባለች። ቀለሞቹም የቆዩ ናቸው። እንግሊዛዊው ቻርልስ ሊድቢተር በ1902 (እ.ኤ.አ.) ባሳተመው መጽሐፍ በሥዕል ጭምር አስቀምጧቸዋል፤ ቀይ ለቁጣ፣ ሮዝ ለፍቅር፣ ግራጫ ለፍርሃት። ሳይንስ እንዳይመስላችሁ።

ታዲያ ስሜት የምታይ ሴት እንዴት አለመግባባት ውስጥ ትገባለች? እኔ እንዲያውም ከማንም በላይ ትገባለች ባይ ነኝ። ቀለሙ «ተቆጥቷል» ይላል እንጂ በማን እንደተቆጣ አይናገርም። በቅርቡ ማታ ቤት ስገባ ባለቤቴ አየት አደረገችኝና «ፊትህ ጠቁሯል» አለችኝ። እውነቷን ነው፣ ጠቁሯል። አዲሱ ጫማ ተረከዜን ልጦኝ ነበር። እሷ ግን ጠዋት ስለ እናቴ በተናገረችው ያኮረፍኩ መስሏታል። እራት በዝምታ ተበላ። እርግጠኛ ስለሆነች አልጠየቀችኝማ!

ደራሲዎቻችን ይህን ቢጠቀሙበት ጥሩ ነበር። ብዙዎቹ ግን ጀግናዋን ስጦታ ይሰጧትና በጣም በምትፈልገው ምዕራፍ ላይ ያጠፉባታል። ራሷን አመማት፣ ቀለሙ አልታይ አላት። ይሄ ማጭበርበር ነው።

የድሮዎቹ ይሻሉ ነበር። በ1847 (እ.ኤ.አ.) በወጣው «ጄን ኤር» ልቦለድ የቤቱ ጌታ ሚስተር ሮቸስተር ጠንቋይ አሮጊት መስሎ እሱ ቤት የምታስተምረውን የጄንን ፊት ያነብላታል። ፊት ለፊት ያልጠየቃትን በዚያ ሊያወጣጣት ነው። ሚስቱ እዚያው ቤት ላይኛው ፎቅ ተቆልፎባት እንዳለች ግን ትንፍሽ አይልም።

ለእኔ አንደኛው ግን የቶልስቶይ «አና ካሬኒና» ነው። የአና ወንድም ስቲቫ ባሏ እንዲፈታት ሊለምን ፒተርስበርግ ይሄዳል። ባልየው በእንቅልፉ የሚናገር ላንዶ የሚባል ፈረንሳዊ ሳያማክር ምንም አይወስንም። ሰውየው ድሮ ፓሪስ ውስጥ የሱቅ ሠራተኛ ነበር፤ ሐኪም ቤት ወረፋ ሲጠብቅ እንቅልፍ ወስዶት ለበሽተኞቹ ምክር መስጠት ጀመረ ይባላል። በዚያ ምሽት መጽሐፍ ሲነበብ ስቲቫ ራሱ ያንቀላፋል። «ተኝቷል» የሚል ድምፅ ሲሰማ የተያዘ መስሎት ብንን ይላል። ለካ ስለ ፈረንሳዊው ነው። ፈረንሳዊውም ዓይኑን እንደጨፈነ መጨረሻ የመጣው ሰው ይውጣ ይላል። ስቲቫ የመጣበትን ጉዳይ ረስቶ በእግር ጣቱ ሹልክ ይላል።

በማግስቱ የእምቢታው መልስ ደረሰው። ፈረንሳዊው የምሩን ይተኛ የውሸቱን፣ ቶልስቶይ አይነግረንም። ሞስኮ ሆና መልስ የምትጠብቀውን አናን የጠየቃት ማንም የለም።