«ቀሚስ» አይደለም፣ ወንድሜ

ሰሞኑን አንድ የጠዋት ፕሮግራም አቅራቢ በፓሲፊክ ውቅያኖስ ያለችውን የደሴት አገር የሳሞአን ፖሊሶች ቪዲዮ አሳየን። ዋና ከተማዋ አፒያ ነው። በሥራ ቀን ጠዋት የፖሊስ ማርሽ ባንዱ እየተሰለፈ ባንዲራ ይሰቀላል፣ ሰዎቹም ከወገብ በታች ላቫላቫ የሚባል ወገብ ላይ የሚጠመጠም ጨርቅ አሸርጠዋል። አቅራቢው ሳቀ። «ፖሊስ ቀሚስ ለብሶ ሌባ እንዴት ያባርራል?» አለ። አብሮት የተቀመጠው እንግዳ ደግሞ ብሶበት «እሱም ባህላቸው አይደለም፣ ሚሲዮናውያን ያመጡት ጨርቅ ነው» ብሎ አረፈው።

ቆይ እስቲ።

ከሌባው ልጀምር። አፋር ውስጥ ሽርጥ ያሸረጠ ሰው በዚያ ንዳድ ግመል ሲከተል አይቶ አያውቅም? ወሎስ? ሐረርስ? «ሽርጥ» የሚል ቃል በአፋችን እያለ «ቀሚስ» ማለትን ምን አመጣው? ሰውዬው በሕይወቱ የሮጠው ከመኪናው እስከ ስቱዲዮው ከሆነ ጥፋቱ የላቫላቫው አይደለም።

የእንግዳው ንግግር ደግሞ ከዚህም የወረደ ነው። ጥጡ ከውጭ መጣ፣ እሺ፣ ይህችን ልስጠው። ግን ጥጥ እስኪመጣ ድረስ ሰዎቹ ራቁታቸውን አልጠበቁም። የዛፍ ቅርፊት ልጠው፣ አርጥበው፣ በእንጨት ቀጥቅጠው ጨርቅ ያወጡ ነበር፤ ሳሞአዎች ሲያፖ፣ የጎረቤት ደሴቶቹ ቶንጋዎች ንጋቱ ይሉታል፣ አሁንም ይሠራሉ። ወገብ ላይ መጠምጠሙ የራሳቸው ነው፣ የተቀየረው ጨርቁ ነው። አያቶቻችን እጀ ጠባብ ያሰፉበት አቡጀዲስ በመርከብ ተጭኖ የመጣ አልነበረም? ማን «የፈረንጅ ልብስ» አለው? እንግዳው ራሱ አንገቱን ያነቀበት ክራቫትስ ከየትኛው አያቱ ነው የወረሰው? ሳሞአዎች እኮ ለቢሮና ለስብሰባ ኪስ ያለው፣ በልክ የተሰፋ ኢዬ ፋይታጋ አላቸው፣ ከኮትና ከክራቫት ጋር ሳይቀር ይለብሱታል። ሙሉ ልብስ ማለት እሱ ነው።

ከሁሉ የሚያበግነኝ ግን ይህን ያለው ሐበሻ መሆኑ ነው። የቶንጋን ሰው ተመልከት። ቱፔኑ የሚሉትን ሽርጥ ያሸርጣል፣ ከላዩ ላይ ከፓንዳነስ ቅጠል የተጎነጎነ ሰሌን ወገቡ ላይ ጠምጥሞ ካፋ በሚሉት ገመድ ያስረዋል። ታኦቫላ ይባላል። አዎ፣ ሰሌን! በዚያ ሙቀት ሰሌን ታጥቆ ቤተ ክርስቲያን የሚሄደው ለምቾት ይመስልሃል? አክብሮት ነው። ሲተርኩት፣ ከባሕር የተመለሱ መርከበኞች እርቃናቸውን አለቃቸው ፊት መቆም ነውር ቢሆንባቸው የታንኳቸውን ሸራ (ያኔ ሸራውም ሰሌን ነበር) ቀደው ወገባቸውን ጠቀለሉበት ይላሉ። ይህንን ለማን ነው የማስረዳው? አያቱ ጌታው ፊት ሲቀርብ ነጠላውን ከትከሻው አውርዶ ወገቡ ላይ አስሮ ላደገደገ ሰው? ዛሬም ድግስ ቤት የሚያስተናግዱት ሴቶች ነጠላቸውን አደግድገው ነው ወጥ የሚያወጡት፣ ማንም «ምን ሆነሽ ነው ወገብሽን ያሰርሽው» አይላቸውም። ነጠላዋን ዘቅዝቃ የመጣች ሴት ስታይስ? አፏን ሳትከፍት ለቅሶ እንዳለባት ታውቃለህ። ቶንጋም ያው ነው፣ እንዲያውም ይብሳል። ለቅሶ ላይ ከሟች በማዕረግ ዝቅ የሚለው ዘመድ ትልቅ፣ ሻካራ፣ የተቀዳደደ ታኦቫላ ይታጠቃል፣ ከፍ የሚለው ጥሩውን። ከሩቅ ያየ ሁሉ ማን ለሟቹ ምኑ እንደሆነ ሳይጠይቅ ያነባል። ደግሞ አሮጌው ከአዲሱ ይከበራል፣ ከአያት የወረደ ነዋ። አዲስ ሱሪ ካልገዛህ የማያከብርህ ከተማ ይህ እንዴት ይገባዋል?

ፈረንጁም ቢሆን አልተሻለም። እ.ኤ.አ. በ2016 ቶንጋዊው ስፖርተኛ ፒታ ታውፋቶፉዋ ሪዮ ኦሎምፒክ ላይ የቶንጋን ባንዲራ ይዞ ሲገባ ዓለም ያወራው ዘይት ስለተቀባው ደረቱ ነው። በ2018 ፒዮንግቻንግ ላይ በዚያ ሁሉ ብርድ ደግሞ መጣ፣ ወሬው አሁንም ደረቱ። ወገቡ ላይ ስለታጠቀው የጠየቀ ስንት ነው? ናይኪ ደግሞ በ2013 የሳሞአ ወንዶች ፔአ የሚሉትን ንቅሳት ለሴቶች ጠባብ የስፖርት ሱሪ ላይ አትሞ ሊሸጥ ሲል ጩኸት ተነሳበትና ከገበያ አነሳው። ቢያንስ አነሳው።

አቅራቢያችን ግን በማግስቱ «ቀልድ እኮ ነው» ብሎ አለፈ። ሳሞአ ውስጥ ኢፎጋ የሚባል ሥርዓት አለ። የበደለ ሰው ሰሌን ተከናንቦ ተበዳዩ ፊት ይቀመጣል፣ ተበዳዩ ይቅር ካለ ይገልጥለታል። ጃሲንዳ አርደርን በ2021 የኒውዚላንድ ጠቅላይ ሚኒስትር ሆነው፣ የአገሪቱ መንግሥት በ1970ዎቹ የፓሲፊክ ደሴት ስደተኞችን ቤት ፖሊስ ልኮ በጎህ ለወረረው ይቅርታ ሲጠይቁ እንዲሁ ተከናንበው ተቀምጠዋል። እኛ አገር ደግሞ ድንጋይ ተሸክሞ ነው የሚለመነው። ከሁለቱ የሚቀለውን ይምረጥ።