የዶሮ ቤቴ በር

ወገኖቼ፣ ዛሬ ልቆጣችሁ ነው። ቁጣው እኔንም ይጨምራል።

ከቡራዩ ወደ ሆለታ በሚወስደው መንገድ ዳር፣ እኛ ሰፈር፣ አንድ አሮጌ ቤት ነበር። ባለ ፎቅ ነው። ታችኛው ድንጋይ፣ ላይኛው ጭቃና ጥድ። ዙሪያውን በረንዳ፣ ደረጃው በውጭ በኩል። የክፈፉ እንጨት እንደ ጥልፍ የተፈለፈለ። ባለፈው ዓመት ፈረሰ። በማግስቱ ስልካችን በለቅሶ ተሞላ። «ታሪካችን ጠፋ!» «ምነው ሃይ ባይ ታጣ!» ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ማለት ይኼ ነው።

እስቲ ልጠይቃችሁ። ያንን ቤት ማን አሠራው? አናጢው ማን ነበር? ስንት ክፍል ነበረው? ዝም አላችሁ አይደል? እኔም እንደናንተው ነኝ።

የሚያሳፍረኝ ምን መሰላችሁ? ቺካጎ፣ ሚሺጋን ሐይቅ ዳር ስለነበረ አንድ ቤት ብትጠይቁኝ አፌን ሞልቼ አወራችኋለሁ። ቺካጎን በእግሬ ረግጬ አላውቅም። ቤቱም ከፈረሰ ቆይቷል። ባለቤቱ ፖተር ፓልመር የሚባል ነጋዴና ባለሆቴል ነው። ረግረግ የነበረውን የሐይቁን ዳርቻ አስደልድሎ እዚያው ላይ ግንብ የመሰለ ቤት አሠራ። ሄንሪ አይቭስ ኮብና ቻርልስ ሰምነር ፍሮስት ነደፉት። እ.ኤ.አ. በ1882 ተጀምሮ በ1885 አለቀ። ወጪው ከ1 ሚሊዮን ዶላር በላይ ደረሰ ይባላል፤ በዚያ ዘመን ገንዘብ! ማማው ወደ 24 ሜትር ይጠጋል። አዳራሹ ሦስት ፎቅ ያህል ከፍታ ነበረው። የውጭ በሮቹ ደግሞ ከውጭ በኩል እጀታ አልነበራቸውም። ከውስጥ ካልተከፈተልህ አትገባም። ሀብታም ነዋ።

ያ ሁሉ ቤት እ.ኤ.አ. በ1950 ፈረሰና በቦታው ረጃጅም የመኖሪያ ሕንፃዎች ተተከሉ። የቆመው 65 ዓመት ብቻ ነው።

«በቃ፣ ፈረንጅም ያፈርሳላ!» የምትሉኝ አላችሁ፤ ድምፃችሁ እዚህ ድረስ ይሰማኛል። አዎ፣ ያፈርሳል። ያውም ያለ ርኅራኄ። ልዩነቱ ግን ይኼ ነው፦ ቤቱ ከፈረሰ ከ70 ዓመት በኋላ እኔ፣ ቡራዩ ተቀምጬ፣ የበሩን እጀታ አውቃለሁ። አንድ ሰው ጽፎታል፣ አንድ ሰው ፎቶ አንስቶታል። የጎረቤቴ ቤት በር እጀታ ግን ምን ዓይነት እንደነበር አላውቅም። ልጅ ሆኜ ስንቴ ይዤው ነበር!

ደግሞ «ዶዘር ገደለው» አትበሉኝ። ዶዘሩ የመጣው ለቀብር ነው። መጀመሪያ የሞተው አሸንዳው ነው። የጭቃ ግድግዳ ጠላቱ ውሃ ነው። የድሮ ሰዎች ይኼን ስለሚያውቁ ነው ሰፊ ክፈፍና በረንዳ ያወጡለት። በረንዳው መናፈሻ ብቻ አልነበረም፤ የግድግዳው ጃንጥላ ነበር። በምኒልክ ዘመን የመጡት የህንድና የአርመን ባለሙያዎች ከእኛ ጭቃ መራጊና ጥድ ጠራቢ ጋር ሆነው ነው ይኼን ዓይነት ቤት ያስለመዱን። አሸንዳው ሲቀደድ አንድ ቁራጭ ቆርቆሮ ይበቃው ነበር። «የኔ አይደለም» ተባለ። ከዚያ በረንዳው ሰመጠ። ከዚያ መቃኑና ሳንቃው በየማታው እየተነቀለ ለቆራሌው ተሸጠ። የቀረው ደግሞ ለድግስ ማገዶ ሆነ። የማን ድግስ እንደነበር ታውቃላችሁ፤ እኔም በልቻለሁ።

የቅርስ አዋጅ አለን፤ ቁጥር 209/1992። ግን አዋጁ በራሱ እግር እየዞረ ቤት አይቆጥርም። አንድ ሰው ሄዶ «እዚህ እንዲህ ያለ ቤት አለ» ማለት አለበት። ማን ሄደ?

በዚሁ መንገድ ሆለታን አልፋችሁ ቀጥሉ። ከአዲስ አበባ 55 ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ አዲስ ዓለም ማርያምን ታገኛላችሁ። በ1890ዎቹ፣ አዲስ አበባ እንጨት ሲጠፋ፣ ምኒልክ ከተማውን ወደዚያ ሊያዛውሩ አስበው ቤተ መንግሥት አስጀመሩ። በኋላ ባሕር ዛፍ መጣና የእንጨቱ ችግር ቀለለ። ዋና ከተማው ባለበት ቀረ፤ ቤተ መንግሥት ሊሆን የነበረው ቤት ቤተ ክርስቲያን ሆነ። እስከ ዛሬም አለ። ለምን? ታቦት ገባበት። ጣሪያው ሲያፈስ የሚደነግጥ ሰው አለው። የአንኮበሩ ቤተ መንግሥት ይኼ ዕድል አልገጠመውም፤ ከዚያ ሁሉ ግቢ የተረፈው የግንብ ቁራጭ ነው። እኛ ታቦት ያልገባበትን ቤት መጠበቅ አናውቅበትም። ክፉ ልማድ ነው፣ ብትቀየሙኝም እላለሁ።

ታሪካችን ጠፋ ብላችሁ ከምትጽፉ፣ ገና ያልጠፋው ጋ ሂዱ። ከመንገዱ ማዶ፣ ከወፍጮ ቤቱ ጀርባ፣ በረንዳው የተንጋደደ አንድ ቤት ቆሟል። ባለቤቷ እማማ ዕድሜያቸው ገፍቷል። ቡና ይዛችሁ ግቡ። ቤቱን ማን እንደሠራው፣ ጥዱ ከየት እንደመጣ ጠይቁና ድምፃቸውን ቅዱ። ሜትር ያዙ፤ በሩን፣ መስኮቱን፣ የግድግዳውን ውፍረት ለኩ። ሠርግ ሲሆን እዚያ በረንዳ ላይ ፎቶ ለመነሳት ማንም አልቀደማችሁም እኮ።

እኔ? ከፈረሰው ቤት መስኮት አንዱ መዝጊያ እኔ ጋ ነው። ከቆራሌው ላይ በርካሽ ገዝቼው የዶሮ ቤት በር አደረግሁት። ትናንት ፈትቼ አጠብኩት። ከላይ ቡናማ ቀለም፣ ከሥሩ አረንጓዴ፣ ከዚያም ሥር ሰማያዊ አለው። ማጠፊያው በእጅ የተቀጠቀጠ ብረት ነው። ለክቼ ደብተር ላይ ጽፌዋለሁ። ሌላኛውን መዝጊያ የወሰዳችሁ አታፍሩ፣ ይዛችሁ ኑ። ዶሮዎቹን ለጊዜው በጆንያ ጋርጄላቸዋለሁ።